ዓባይ በረሃን በአንድ ቀን፦ ከባሕር ዳር ለሚነሱ አስጎብኚዎች የተደረገ ንግግር

እንደምን አረፈዳችሁ።

«ዓባይን ያላየ ምንጭ ያመሰግናል» ይባላል። ባሕር ዳር የሚኖር ሰው በዚህ ተረት አይታማም፤ ዓባይን በየቀኑ ያያል። የሚያየው ግን ከጣና ሲወጣ፣ ገና ልጅ ሳለ ነው። ጢስ ዓባይ ድረስ 30 ኪሎ ሜትር ያህል የሄደ እንግዳም ፏፏቴውን አይቶ «የዓባይን ሸለቆ አየሁ» ብሎ ይመለሳል። ያየው በሩን ነው። ቤቱ ያለው ደጀንና ጎሃ ጽዮን መካከል ነው። የዛሬው ንግግር እዚያ ድረስ እንግዳ ይዞ ስለመሄድ ነው፤ ቀኑ እንዴት እንደሚደለደል፣ መኪናው ምን እንደሚሆን፣ በረሃው እንዴት እንደሚነበብ።

መጀመሪያ መልክዓ ምድሩን ጨብጡ፤ እንግዳው የሚጠይቃችሁ ግማሹ ጥያቄ እዚህ ይመለሳል። ዓባይ ከጣና ሲለቀቅ ከባሕር ወለል በላይ 1,786 ሜትር ገደማ ላይ ነው። ጢስ ዓባይ ላይ ከ40 ሜትር በላይ ይወረወራል፤ ከዚያ ገደል ገብቶ ጎጃምን በምሥራቅ፣ በደቡብና በምዕራብ እንደ መቀነት ይዞራል። ደጀን ስር ስንደርስ 1,060 ሜትር አካባቢ ላይ እናገኘዋለን። ስለዚህ ወንዙ ከሐይቁ እስከዚያ ድልድይ የወረደው 700 ሜትር ቢበልጥ በጥቂት ነው። እኛ ደግሞ ቀለበቱን በመሐል ሰንጥቀን በአዴት፣ በሞጣና በቢቸና በኩል እንሄዳለን፤ ከ1,800 ሜትር ተነስተን ደጀን ላይ ወደ 2,450 ሜትር እንወጣለን። ወንዙ ወረደ፣ እኛ ወጣን፤ ልዩነቱ 1,400 ሜትር ሆነ። የበረሃው ጥልቀት ይኸው ነው። እንግዳ «ፏፏቴው ነው እንዴ ይህን ሁሉ የቆፈረው?» ሲል መልሱ ደጋው ከፍ ከፍ ሲል ወንዙ ቦታውን ሳይለቅ እየቆረጠ መቅረቱ ነው። መጋዝ ባለበት ቆሞ ግንዱ ወደ ላይ ሲገፋ አስቡት።

አንድ ነገር ደግሞ ከወዲሁ እንስማማ። ዓባይ በረሃ የሚሻገሩት እንጂ የሚከተሉት ሸለቆ አይደለም። በዳንግላ የእንግሊዝ ቆንስል የነበረው ቺዝማን እ.ኤ.አ. በ1920ዎቹና በ1930ዎቹ የወንዙን መስመር በካርታ ሲያሰፍር ብዙውን መንገድ የሄደው በገደሉ አፋፍ እንጂ በወንዙ ዳር አልነበረም። በወንዙ ዳር መንገድ የለማ። እናም «በሸለቆው ውስጥ ለውስጥ» ብላችሁ አትሽጡ፤ «ከአፋፍ እስከ አፋፍ» በሉ። ሐቁም እሱ ነው፣ ያምራልም።

አሁን ወደ ሰዓት። ከባሕር ዳር ሞጣ ወደ 120 ኪሎ ሜትር፣ ደጀን ደግሞ በዚሁ በሞጣ መንገድ ወደ 260 ኪሎ ሜትር ነው። በደብረ ማርቆስ በኩል ከሄዳችሁ ይረዝማል። በረሃው ራሱ፣ ከደጀን አፋፍ ወርዶ ጎሃ ጽዮን እስከሚወጣ፣ 40 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። እንግዲህ ነገሩን ተመልከቱት፤ 260 ኪሎ ሜትር የምንነዳው 40 ኪሎ ሜትር ለማየት ነው። ጉዞው የሚበላሸውም እዚህ ላይ ነው። ጠዋት አንድ ሰዓት ይዘገያል፣ ሞጣ ላይ ቡናው ሦስተኛ ይደገማል፣ ቢቸና ላይ ደግሞ ይቆማል፤ በረሃው አፋፍ ሲደርሱ ሹፌሩ ሰዓቱን አይቶ «እንሽቀዳደም» ይላል። እንግዳው የመጣበትን 40 ኪሎ ሜትር በመስኮት ያሳልፈዋል።

የምመክረው ድልድል ይህ ነው። ጠዋት ልክ 12 ሰዓት፣ ብርሃን ሲሆን፣ መኪናው ይንቀሳቀስ፤ «12 ሰዓት እንገናኝ» ማለት ሌላ፣ «12 ሰዓት እንነሳለን» ማለት ሌላ ነው። በጨለማ ለመነሳት አትቸኩሉ፤ በዚያ መንገድ ላይ ከንጋት በፊት ከብትም፣ ጋሪም፣ መብራት የሌለው ተሳቢም አለ። ሞጣ ላይ 30 ደቂቃ፣ ከዚያ ወዲያ በስተ ቀኝ የጮቄን ተራራ እያሳያችሁ ቀጥሉ። ደጀን 6 ሰዓት ገደማ ይደረሳል። ምሳ እዚያው፤ ረቡዕና ዓርብ ከሆነ ጾም መኖሩን ለውጭ አገር እንግዳ አስቀድሞ መንገር፣ ለአገር ልጅ ደግሞ በያይነቱ ማዘዝ። ምግቡ ቀለል ይበል። ጥሬ ሥጋ በልቶ 1,400 ሜትር በኩርባ የወረደ ሰው ምን እንደሚሆን ረዳቶች ያውቁታል፤ ወንበሩን የሚያጥቡት እነሱ ናቸው። 7 ሰዓት ላይ ቁልቁለቱ ይጀመር፤ ከነመቆሚያው ሁለት ሰዓት፣ ድልድዩ አካባቢ ግማሽ ሰዓት፣ መውጫው አንድ ሰዓት ከምናምን። 10 ሰዓት ተኩል ላይ ጎሃ ጽዮን ናችሁ። ከዚያ ገርበ ጉራቻን አልፎ ፍቼ ማደር ይቻላል፤ ፀሐይ ሳትጠልቅ ይደረሳል።

ደርሶ መልስስ? በአንድ ቀን ከባሕር ዳር ድልድዩ ድረስ ሄዶ መመለስ ከ550 ኪሎ ሜትር በላይ ነው፤ ሹፌሩ ከ12 ሰዓት በላይ መሪ ላይ ይቀመጣል፤ የመጨረሻው ሦስት አራት ሰዓት ደግሞ ጨለማ ነው። ይህን የሚያቀርብ ሰው ዋጋውን በሹፌሩ ዓይን ላይ አስቀምጧል ማለት ነው። መመለስ ግድ የሆነበት እንግዳ ደጀን ይደር። የመንገዱ ጸጥታም እንደየሳምንቱ፣ አንዳንዴም እንደየዕለቱ የሚለዋወጥ ስለሆነ በዋዜማው ማታና በጠዋቱ ከሁለቱም ጫፍ፣ ከደጀንም ከጎሃ ጽዮንም፣ ደውሎ ሳይጠይቁ መነሳት የለም። የከተማ ወሬ አይበቃም፤ በዚያው ቀን ከዚያ የመጣ ሹፌር ይሻላል።

ስለ መኪናው ጠበቅ አድርጌ ልናገር። በእያንዳንዱ ወገን 20 ኪሎ ሜትር ገደማ ውስጥ 1,400 ሜትር ይወረዳል፤ በአማካይ በየ100 ሜትሩ 7 ሜትር ማለት ነው። ይህን ሁሉ በፍሬን ብቻ ለማቆም የሚሞክር ሹፌር ፍሬኑን ያቃጥላል። የሚሆነው እንዲህ ነው፦ የፍሬን ሸራው ይግላል፣ ሙቀቱ ወደ ፍሬን ዘይቱ ይሄዳል፣ ዘይቱ ይፈላል፣ ፔዳሉ ሲረገጥ እስከ ወለሉ ይሰምጣል፣ መኪናው ግን አይቆምም። የፍሬን ዘይት ከአየር ላይ እርጥበት ይጠጣል፤ ባረጀ ቁጥር ቶሎ ይፈላል። ስለዚህ መኪና ስትከራዩ ሁለት ዓመት ያለፈው የፍሬን ዘይት መቀየሩን ጠይቁ። ጎማውን ብቻ አይቶ «ጥሩ ነው» ማለት የልማድ ምርመራ ነው።

መድኃኒቱ ማርሽ ነው። ያንን ዳገት ለመውጣት የሚያስፈልገው ማርሽ ለመውረድም ያስፈልጋል፤ ሦስተኛ፣ ለከባድ መኪና ሁለተኛ። ማርሹ የሚገባው ቁልቁለቱ ሳይጀመር ነው። ፍሬን ረገጥ፣ ለቀቅ ይደረጋል እንጂ ተረግጦ አይኬድም። ናፍጣ ለመቆጠብ ማርሽ ባዶ አድርጎ የሚለቅ ሹፌር ካያችሁ እዚያው አስቁሙት፤ የእናንተ ሥልጣን ነው። የተቃጠለ ሸራ ሽታ ከመጣ ደልደል ያለ ቦታ ፈልጎ ግማሽ ሰዓት መቆም፤ የእጅ ፍሬን ሳይሳብ፣ ጎማ ስር ድንጋይ አስገብቶ። በጋለው ፍሬን ላይ ውሃ መድፋት ደግሞ የረዳቶች የቆየ ስህተት ነው፤ የጋለ ብረት በድንገት ሲቀዘቅዝ ይሰነጠቃል።

መውጫው ላይ ተራው የራዲያተር ነው። ውሃ ታች ድልድዩ ጋ 96 ዲግሪ አልፎ ነው የሚፈላው፤ አፋፉ ላይ ግን 92 ዲግሪ አካባቢ ይፈላል። ሞተሩ እየጋለ በወጣ መጠን ውሃው ቶሎ ለመፍላት እየተመቸው ይሄዳል ማለት ነው። የራዲያተር ክዳን ግፊት የሚይዘው ለዚህ ነው፤ ጎማው ያረጀ ክዳን ካለ ግፊቱ ያመልጣል፣ መኪናውም ከአፋፉ በታች ጢሱን ይለቃል። ክዳን ርካሽ ዕቃ ነው፤ ባሕር ዳር ቀይሩት። ዳገቱ ላይ አየር ማቀዝቀዣው ይጥፋ፣ መስኮት ይከፈት። የሙቀት መለኪያው ቀይ ከተጠጋ ማሞቂያውን መክፈት ይረዳል፤ ተሳፋሪው ያማርራል፣ ሞተሩ ግን ይተርፋል። የጋለ ራዲያተር አይከፈትም። ለመኪናው ብቻ 20 ሊትር ውሃ በጄሪካን ይያዝ፤ ክሪክና አየር ያለው ስኮርት ጎማ ስለመኖሩ ደግሞ በቃል ሳይሆን በዓይን ይረጋገጥ።

ለሰው ውሃ በነፍስ ወከፍ 3 ሊትር ቁጠሩ። 12 ሰው ካለ 36 ሊትር ነው፤ ብዙ ይመስላል። «የዓባይን ልጅ ውሃ ጠማው» የተባለው ለእንዲህ ያለው ቀን ነው፤ ታች ወንዙ ዳር ቆማችሁ የሚጠጣ የላችሁም፣ የወንዙ ውሃ ሳይፈላ አይጠጣምና። ቆሎና ዳቦ ቆሎ ጥሩ ስንቅ ናቸው፣ ግን ያስጠማሉ፤ ብርቱካን ጨምሩበት። ከ4 እስከ 6 ፓኬት ኦአርኤስ (በውሃ የሚበጠበጥ የጨውና የስኳር ዱቄት) ቦርሳችሁ ውስጥ ይኑር። ራስ ምታት፣ ማቅለሽለሽና የሽንት መጥቆር አብረው ከመጡ ያ ሰው ውሃ አጥሮታል፤ ጥላ፣ ኦአርኤስ፣ ትንሽ በትንሽ። ጆሮ ደግሞ ሲወረድ ይደፈናል። ማስቲካ ማኘክ፣ ምራቅ መዋጥ ይከፍተዋል፤ ሕፃን የያዘች እናት ቁልቁለቱ ላይ ታጥባው። ጉንፋን የያዘው ሰው ከሁሉም ይበልጥ ስለሚያመው ከፊት ቁጭ አድርጋችሁ ቶሎ ቶሎ ቁሙለት።

አሁን ወደ ቁም ነገሩ፤ በረሃው ምን ይላል? ብዙ አስጎብኚ «እዩት፣ ደስ አይልም?» ብሎ ዝም ይላል። ዓባይ በረሃ ግን ከላይ ወደ ታች የሚነበብ መጽሐፍ ነው፤ በየኩርባው አንድ ገጽ ትወርዳላችሁ፣ ዘመኑም ወደ ኋላ ይሄዳል።

የመጀመሪያው መቆሚያ አፋፉ ነው። እግራችሁ ስር ያለው ጥቁር ድንጋይ ባዛልት ነው፤ የዛሬ 30 ሚሊዮን ዓመት ገደማ ምድር ተሰንጥቃ የፈሰሰ ቀልጦ የጠጠረ አለት። የጎጃምን ጤፍ የሚያበቅለው ጥቁር አፈር የዚህ ድንጋይ ልጅ ነው። ጥቂት ወርዳችሁ ቀለሙ ወደ ቢጫና ቀይ ሲለወጥ ቁሙ፤ የላይኛው አሸዋ ድንጋይ ነው። ከባዛልቱ ጋር የሚገናኝበትን መስመር በጣት አሳዩ። አሸዋው ዳይኖሰሮች በምድር ላይ በነበሩበት ዘመን የተከማቸ ነው፤ በሁለቱ መካከል በአሥር ሚሊዮኖች የሚቆጠሩ ዓመታት የሉም። ወይ አልተጻፉም፣ ወይ ታጥበው ሄደዋል። እንግዳ ይህን መስመር ከገባው የቀረውን ራሱ ማንበብ ይጀምራል።

ከዚያ በታች ነጣ ያለው፣ እንደ ደረጃ የተደራረበው የኖራ ድንጋይ ነው፤ ብቻውን በመቶዎች ሜትር ውፍረት አለው። ባሕር ነበር። ዛሬ ከየትኛውም ወደብ በመቶዎች ኪሎ ሜትር ርቀን የቆምንበት ቦታ ከ150 ሚሊዮን ዓመት በፊት ጥልቀቱ ብዙ ያልሆነ ሞቃት ባሕር ነበር፤ በድንጋዩ ውስጥ የዛጎል ቅሪት የሚገኘው ለዚህ ነው። ማሳየት እንጂ ሰብሮ መውሰድ አይገባም፤ እንግዳ ጉርሻ ቢሰጥም። ይሄው ድንጋይ ነው ለሲሚንቶ የሚቆፈረው።

ከኖራው ስር ጀሶና የጭቃ ድንጋይ እየተፈራረቁ ይመጣሉ። ጀሶ ባሕር ሲተንን የሚቀር ጨው መሰል ደለል ነው፤ ማለትም ባሕሩ ከመስፋቱ በፊት እየመጣ እየሄደ፣ እየደረቀም ነበር። ይህ ገጽ ከሌሎቹ ለየት ብሎ ለሹፌሩም ይመለከተዋል። ጀሶ በውሃ ይሟሟል፣ የጭቃ ድንጋዩ ሲረጥብ ያብጣል፣ ይንሸራተታል። በላዩ የተከመረው ናዳ አፈር ደግሞ በክረምት ውሃ ጠጥቶ ይከብዳል። አስፋልቱ እዚያ ላይ እንደ ማዕበል የሚታጠፈው፣ ተጠግኖ እንደገና የሚሰነጠቀው፣ የመንገዱ ጠርዝ የሚሰምጠው «መንገዱ በደንብ ስላልተሠራ» ብቻ አይደለም፤ የተሠራበት ኮረብታ ራሱ ስለሚሄድ ነው። በዚህ ክፍል ፍጥነት ይቀነስ፤ ዝናብ ከጣለ በቀጣዩ ቀን ከገደል ስር መቆም የለም፣ ለፎቶም ቢሆን።

የታችኛው ግድግዳ ቀላ ያለው የታችኛው አሸዋ ድንጋይ ነው፤ ከሁሉም ያረጀ፣ 200 ሚሊዮን ዓመት አካባቢ። ወንዙ ዛሬ የሚቆርጠው እሱን ነው። እስከዚህ ድረስ አየሩም ተለውጧል። በየ1,000 ሜትሩ ከ6 ዲግሪ በላይ ስለሚጨምር ደጀን ላይ ጃኬት የለበሰ ሰው ድልድዩ ጋ 9 ዲግሪ ሞቆት ይወርዳል። ጤፍ ቀርቷል፣ ማሽላና ግራር መጥቷል፤ ከደጋ ጫፍ እስከ ቆላ በአንድ ከሰዓት። በየመንገዱ ዳር ዝንጀሮዎች ይጠብቃሉ። መስኮት ዘግቶ ማየት ነው፤ ዳቦ የተወረወረለት ዝንጀሮ ቀጣዩን መኪና ሲጠብቅ በሲኖትራክ ይገጫል።

ታች ሁለት ድልድዮች ጎን ለጎን ታያላችሁ። አሮጌው በጠላት ወረራ ማግስት የተሠራ የኮንክሪት ቅስት ነው። አዲሱ 303 ሜትር የሚረዝመው፣ በጃፓን መንግሥት ድጋፍ ተሠርቶ በ2000 ዓ.ም. ማብቂያ፣ በጳጉሜን የተከፈተው የሕዳሴ ድልድይ ነው። ድልድዩ በጥበቃ ሥር ስለሆነ ካሜራም ስልክም ሳይፈቀድ አይወጣም፤ ይህን ለእንግዳ ደጀን ላይ ንገሩ እንጂ ዘቡ ፊት አትንገሩ። ፎቶው ከላይ ከኩርባው ላይ ያምራል፣ ክርክርም የለውም። ወንዝ ውስጥ መግባት አይሞከርም፤ አዞ አለበት፣ ደፈርስ ያለው ውሃ ደግሞ ከዳር የማይታይ ጉልበት አለው። ከግማሽ ሰዓት በላይ እዚያ አትቆዩ፤ በዚያ ሰዓት ሙቀቱ ከቀኑ የከፋው ነው። ቆላ በመሆኑ ወባ አለ፤ የወባ ትንኝ ግን ማታ ስለምትነድፍ ቀን አቋርጦ ለሚያልፍ ብዙ አያሰጋም። መኪና ተበላሽቶ ከመሸ ነገሩ ይለወጣል፤ ስለዚህ እጀ ረጅም ልብስና የትንኝ ቅባት ከሻንጣ ስር ሳይሆን ከእጅ ቦርሳ ይሁን።

«በእግር እንውረድ» የሚል እንግዳ ሁሌም አለ። ተራራ ላይ ድካሙ ቀድሞ ይመጣል፣ የደከመው ሰውም ወደ ታች ይመለሳል። በረሃ ተቃራኒው ነው፤ መጀመሪያ ቀላል፣ በመጨረሻ ዳገትና ፀሐይ። እንግዳው «ደህና ነኝ» የሚላችሁ ገና እየወረደ ሳለ ስለሆነ ቃሉን አትመኑት፤ ሰዓታችሁን እመኑ። ደንቡ፦ ካላችሁ ጊዜ ሲሶው ሲያልቅ መመለስ። ደህና የሚራመድ ሰው በሰዓት 300 ሜትር ያህል ሽቅብ ይወጣል፤ እስከ ወንዙ ወርዶ መውጣት የመውጫው ብቻ አምስት ሰዓት ሊወስድ ነው። ይህ ከባሕር ዳር ለመጣ ቡድን አይሆንም። የሚሆነው ደጀን አድሮ፣ 12 ሰዓት ላይ የአካባቢውን ልጅ መሪ ይዞ፣ ከአስፋልቱ ርቆ በከብት መንገድ 400 ሜትር ያህል ቁልቁል መውረድና ረፋዱ ሳይሞቅ መመለስ ነው። ወይም መውረድ ብቻ፣ መኪናው በታችኛው ኩርባ ጠብቆ። ጉልበት የሚያመው ሰው የሚጎዳው ሲወርድ መሆኑን አትርሱ፤ ዱላ ለእሱ ነው።

ወቅቱ? ጥቅምት እስከ ጥር። በክረምት አፋፉን ጉም ይሸፍነዋል፣ ናዳውም አለ፤ ከየካቲት በኋላ አየሩ አቧራና ጭስ ይሆናል፤ ሚያዝያ ታች እሳት ነው። ጢስ ዓባይን በሙላቱ ማየት የሚፈልግ ደግሞ ከነሐሴ እስከ ጥቅምት ይምጣ፤ በሌላው ጊዜ የሐይቁ ውሃ ለኃይል ማመንጫ ስለሚወሰድ፣ በተለይ ጣና በለስ በ2002 ዓ.ም. ከተመረቀ ወዲህ፣ ፏፏቴው እየሳሳ ይሄዳል። ሁለቱንም በአንድ ጉዞ ለሚፈልግ ጥቅምት ነው፤ ጢስ ዓባይን በመጀመሪያው ቀን፣ በረሃውን በማግስቱ።

በመጨረሻ አንድ የፎቶ ነገር። በኅዳርና በታኅሣሥ ፀሐይ ወደ ደቡብ ስለምታዘነብል ወደ ደቡብ የሚያየው የደጀን ግድግዳ ቀኑን ሙሉ ይበራል፤ የጎሃ ጽዮኑ ግድግዳ ጥላ ነው። ስለዚህ ከደጀን አፋፍ ላይ ካሜራ ይዞ አንድ ሰዓት መቆም ብክነት ነው፤ ፊት ለፊት ያለው ጨለማ ነው። ያን አንድ ሰዓት ለጎሃ ጽዮን አስቀምጡት። 10 ሰዓት ተኩል ላይ ወጥታችሁ ወደ ኋላ ስትዞሩ ጥቁሩም፣ ቢጫውም፣ ነጩም፣ ቀዩም እንደ ሽርጥ ጥለት ተደርድረው ይታያሉ፤ እንግዳውም እያንዳንዱን በስሙ ይጠራል። እናንተ ያን ጊዜ የጎማውን ብሎን እዩ፣ ሰው ቁጠሩ።